በከዋክብት ሰልፍ ዕለት ስላልፈነዳው ንጥሻ

አሳንሰሩ ከቆመ በሦስተኛው ዓመት፣ የደረጃው አምፖል ለመጀመሪያ ጊዜ በተቀየረበት ዘመን፣ በዘመነ ጥጥ ወበዘመነ ስፖንጅ፣ ኀያሉና መዋዒው፣ ድል አድራጊው፣ የተቀደደውን ሰፊ፣ የረገበውን ወጣሪ፣ ያነከሰውን ወንበር አቋሚ፣ የአራተኛ ፎቅ አባወራ፣ የምድር ቤቱ ሱቅ ጌታ፣ በፈረስ ስማቸው አባ ነጎድጓድ የተባሉት ሶፋ ሠሪ (ፈረስስ አልነበራቸውም፤ ስሙን ያወጣላቸው አፍንጫቸው ነው) በነገሡበት ወራት የሆነውን ነገር፣ ያየነውን ሳንቀንስ፣ ያላየነውንም በጥቂቱ ብቻ ጨምረን እንጽፋለን። ጆሮ ያለው ይስማ፤ የሌለው ከጎረቤቱ ይዋስ።

የእኒህ ጌታ ንጥሻ እንደ ሰው ሁሉ ንጥሻ አልነበረም። ዕድሜ ልካቸውን ከጥጥ፣ ከስፖንጅና ከሰው ሶፋ ጉያ ከሚወጣ አቧራ ጋር ሲታገሉ ኖረዋልና፣ ባስነጠሱ ጊዜ ርግቦች ከጣሪያ ይነሡ፣ በመንገድ ዳር የቆሙ መኪኖች ይጮኹ፣ የሦስተኛው ፎቅ ሕፃን ከእንቅልፉ ይባንን ነበር። ጎረቤቱም ሁሉ፣ ያለበትን ሳይለቅ፣ ድስቱን እያማሰለ፣ ልብሱን እያጠበ፣ በግድግዳ በኩል «ይማርዎ!» ይላቸዋል፤ እሳቸውም ማንንም ሳያስቀሩ በየፎቁ ተራ «ያኑራችሁ» ይላሉ። ይህን ጠላት ባንድ እጅ መግታት አይቻልም። አፍንጫ ቢያዝ በአፍ ይወጣል፤ አፍ ቢያዝ በአፍንጫ። አንድ ጊዜ በጎረቤት ልጅ ምርቃት ላይ ባንድ እጅ ብቻ ሊገቱት ደፍረው፣ የፎቶግራፍ አንሺው ቆብ በመስኮት ወጥቶ ሄዷል፤ እስከ ዛሬም አልተመለሰም። ከዚያ ወዲህ ንጥሻቸው በሁለት እጅ ካልሆነ እንደማይገታ በቤቱ ሕግ ሆኖ ጸና።

በዚያም ወራት ሰማይ ጉድ አፈላ። ስድስቱ ተጓዥ ከዋክብት፣ ከታላቁ እስከ ታናሹ፣ ጨረቃን ከፊት አስቀድመው፣ ፀሐይ ስትጠልቅ ባንድ መስመር ሊቆሙ ሆነ። ይህም በሰው ዕድሜ አንድ ጊዜ እንጂ ሁለት ጊዜ አይታይም። ሊቃውንቱ ሰልፈ ከዋክብት አሉት፤ ሕዝቡ ግን በአጭሩ «ሰልፉ» አለው፤ ማንም ማንንም ሳይጋፋ፣ «እኔ ቀድሜ ነበርኩ» ሳይባል የተሠለፈ ሰልፍ ከዚያ በፊት ታይቶ አያውቅምና። ሊቃውንቱም እንዲህ ሲሉ አወጁ፦ ሰልፉ በተስተካከለ ጊዜ ምድር የያዘችውን ሁሉ የፀጉር ስንጥቅ ያህል ላላ ታደርጋለች፤ ይህችንም መላላት የለካ የክብደትን ምሥጢር አወቀ። አስማተኞቹ ደግሞ በበኩላቸው እንዲህ ሲሉ አወጁ፦ ምድር ስትለቅ የያዘ፣ የያዘው ነገር ለዘላለም ይጸናለታል። ሊቃውንትና አስማተኞች ከጥንት ጀምሮ በምንም ተስማምተው አያውቁም፤ ሰልፉ በሚስተካከልበት ሰዓት ግን ተስማሙ።

ከዚህም በኋላ ሕዝቡ «ምን ልያዝ?» በማለት እንቅልፍ አጣ። ገንዘብ ያለው ገንዘቡን፣ የሌለው ተስፋውን ሊይዝ አሰበ። ባልና ሚስት ግን በዚህ ነገር አንዳቸው አንዳቸውን አልጠየቁም፤ መልሱ ቤት ሊያፈርስ ይችል ነበርና።

አባ ነጎድጓድም አንዲት ልጅ ነበረቻቸው፤ የዓይናቸው ብሌን፣ ገና በዳዴ ሳለች በመስኮት ወደ ላይ እያንጋጠጠች አፏን ከፍታ የምትቀር፣ አድጋም የኮከብ መመልከቻ ቤት ባለሙያ የሆነች። እርስዋም ያችን የምድር መላላት የምትለካ ሚዛን በእጇ ሠራች፤ ሚዛኒቱም ከፀጉር በቀጠነ ክር ላይ የተንጠለጠለች፣ መርፌዋ በሚሽከረከር ወረቀት ላይ የምትጽፍ፣ ዝንብ ባለፈች ቁጥር የምትበረግግ ነበረች። ነገር ግን መመልከቻ ቤቱ ከአውራ ጎዳና ዳር ነበርና፣ መርፌዋ የሰማዩን ነገር ትታ ያለፈ ያገደመውን የጭነት መኪና ሁሉ ትጽፍ ጀመር። ያን ጊዜ ልጅቱ ከተማውን አሰሰች፤ ከከተማውም ሁሉ ጸጥ ያለች ክፍል የአባቷ የምድር ቤት ሱቅ ሆና ተገኘች። ግድግዳዋ ስፖንጅ፣ ማዕዘኗ የጥጥ ከረጢት፣ ወለሏ ደንዳና ሲሚንቶ፤ ድምፅ ከገባ ተኝቶ ይቀራል እንጂ አይወጣም። ወይ ጉድ! የከተማው ጸጥተኛ ክፍልና የከተማው ጯሂ አፍንጫ ባንድ ቤት እንዲኖሩ ማን ፈረደ?

ነገሩም ቀልድ አልነበረም። ልኬቱ ከጠራ፣ በሩቅ አገር፣ ከደመና በላይ ካለ ተራራ ላይ የቆመው ታላቁ መመልከቻ ቤት «ነይ፣ ከእኛ ጋር ሥሪ» ሊላት ቃል ገብቷል። ከተበላሸ ግን ሰልፉ የሚመለሰው የልጅ ልጇ አርጅታ ከዘራ ከያዘች በኋላ ነው።

አባ ነጎድጓድም ሱቃቸውን ያለ ኪራይ ሰጡ፤ አንዲት ነገር ብቻ ለመኑ፤ ሰዓቱ ሲደርስ ከጎኗ እንዲቀመጡ። ለምን እንደ ሆነ ለማንም አልተናገሩም፤ እኛ ግን ደርሰንበታል። ምድር በምትለቅበት ቅጽበት የልጃቸውን እጅ ሊይዙ አስበው ነበር። የአባት ነገር! አፋቸው «እንኳን ደስ አለሽ» ሲል ሆዳቸው «የት ልትሄጂብኝ?» ይል ነበር። ክፉ አስበውባት አይደለም፤ ሁለቱንም ነበር የፈለጉት፤ ልኬቱ እንዲጠራም፣ ልጅቱ እንድትቀርም። ሁለቱ ባንድ ላይ እንዴት እንደሚሆኑ አልመረመሩም፤ መመርመር የልጅቱ ሥራ ነበርና።

በዕለቱም ጠዋት ልጅቱ በደረጃው ላይ ቆማ አዋጅ አስነገረች፤ የአዋጁም ቃል ይህ ነበር፦ «ያልሰማህ ስማ፤ የሰማህ ላልሰማ አሰማ! ጎረቤቶቼ፣ ስወዳችሁ። ዛሬ ማታ ምድር ቤት የሚገባ ሰው ስልኩን ያጥፋ፤ ድምፁን ቀንሼዋለሁ ማለት አይሠራም፣ ይጥፋ። ነጠላ ጫማ ደጅ ይቀራል። ፌስታል ከነጓዙ ደጅ ይቀራል። ማሳል የለም፤ ማዛጋት የለም፤ ውይ ማለት የለም፤ እሰይ ማለት የለም፤ የገረመው በሆዱ ይገረም። ማስነጠስን በተመለከተ፣ አባዬ፣ እኔ ምንም አልልም፤ አንተው ታውቃለህ።» አዋጁ ሙሉ ነበር፤ አንዲት ቀዳዳ ብቻ ቀረችው፤ እርስዋንም ያን ጊዜ ማንም አላስተዋላት።

ይህን በሰሙ ጊዜ አባ ነጎድጓድ በአቧራ ላይ ዘመቱ። እጅጌያቸውን ሰብስበው፣ እርጥብ ጨርቅ ታጥቀው፣ መጥረጊያ አንሥተው ወደ ምድር ቤት ወረዱ፤ ከአባታቸው ዘመን ጀምሮ በሰላም ተኝቶ የነበረውን አቧራ ሁሉ ቀስቅሰው ቁጭ አሉ። ከጠዋት እስከ ቀትርም ሲያስነጥሱ ዋሉ፤ ሕንፃው «ይማርዎ» ሲል ድምፁ ሰለለ፤ የሁለተኛው ፎቅ ሰዎች ደክሟቸው ለሦስተኛው ፎቅ ውክልና ሰጡ። ከዚህም በኋላ የታመነ አማካሪያቸው ጠጉር አስተካካዩ መጥቶ፣ የአፍንጫቸው ጠጉር ቢነቀል ጠላት መሸሸጊያ ያጣል ሲል መከረ፤ ነቀለም። ነገር ግን ያባረረው ጠላቱን ሳይሆን ዘበኞቹን ነበር፤ ከዚያች ሰዓት ጀምሮ አፍንጫቸው በሩ እንደ ተገነጠለ ግቢ ሆነ።

ባለቤታቸው እመቤቲቱም ይህን አይተው በበኩላቸው አዋጅ አወጡ፦ «ሰውዬ፣ የመጣ እንደ ሆነ ዋጠው! እናቴ የምትልህን ሁሉ ስትውጥ ኖረህ፣ ይቺን ታክል ነገር አቃተኝ እንዳትል!» የእመቤቲቱ እናትም ከጓዳ ሆነው ይህን ሰሙ።

ወበጊዜ ሠርክ፣ ፀሐይ ወደ ማደሪያዋ ስታዘቀዝቅ፣ ሠራዊቱ በደረጃው ወረደ። ከፊት ልጅቱ ሚዛኒቱን እንደ አራስ ሕፃን በብርድ ልብስ ጠቅልላ አቅፋ ወረደች። ከእርስዋ ቀጥለው አባ ነጎድጓድ፣ ኮታቸው ተተኩሶ፣ አፍንጫቸው በእርጥብ ሻሽ ተሸፍኖ። ከእሳቸው ቀጥለው እመቤቲቱ የባላቸውን የኮት ኮሌታ ከኋላ ጨምድደው ይዘው፤ ምን ሊይዙ እንደ መጡ የጠየቃቸው አልነበረም። ከእመቤቲቱም ቀጥለው የአማቶች ሁሉ አለቃ፣ የቤቱ አንጋፋ፣ እናታቸው ነበሩ፤ እሳቸውም አዲሱ ሰው ሠራሽ ጥርሳቸው በተመገቡ ቁጥር እየተንሸራተተ አስቸግሯቸው ነበርና፣ እንዲጸናላቸው ብለው ከአፋቸው አውጥተው በጡጫቸው ጨበጡት። ጠጉር አስተካካዩ መቀሱን ይዞ ነበር። አከራዩ የሕንፃውን ቁልፎች ሁሉ በጨርቅ ጠቅልሎ ይዞ ነበር፤ ተከራዩ ግን ብልጥ ነውና፣ የቤቱን በር እጀታ ፈትቶ ይዞ ወረደ። ጡረተኛው መምህር ሌላ ሀብት አልነበረውምና የገዛ ጉልበቱን በሁለት እጁ ይዞ ተቀመጠ። የቀረውንም ሕዝብ እንጻፍ ብንል ወረቀት አይበቃንም፤ ሶፋ ግን በቃው፤ ሁሉም ሊጠገን በመጣ የሰው ሶፋ ላይ ተደላድሎ ተቀመጠ።

የልጅቱም ባልደረባ ጣሪያ ላይ ሆኖ ሰማዩን ይጠብቅ ነበር፤ ሰልፉ ሲስተካከል በምድር ቤቱ ቀይ መብራት ሊያበራ፣ ሰልፉ ሲፈታ ሊያጠፋ ተዋውለዋል። አባ ነጎድጓድ በልጃቸው ግራ ተቀመጡ። ልጅቱ በቀኝ እጇ የሚዛኒቱን ማስተካከያ ይዛለች፤ ግራ እጇ ጉልበቷ ላይ አርፋ ነበር። እሳቸውም እንደ ዋዛ ቀኝ እጃቸውን ዘርግተው ያዙዋት። ልጅቱ ዞር ብላ አየቻቸው፤ ፈገግ አለች፤ እጇንም አልነጠቀችም። መብራቱ ቀላ። በዚያ ክፍል ውስጥ ያለ ሁሉ የያዘውን አጥብቆ ያዘ፤ አባ ነጎድጓድም «ይኸው፣ ይዣታለሁ» ብለው በልባቸው ደስ አላቸው።

ወእምዝ፣ ከዚህም በኋላ፣ መርፌዋ ተንቀሳቀሰች። ቀስ ብላ፣ እንደ ፈራች ሙሽራ፣ ካለችበት ከፍ ትል ጀመር፤ ምድርም በእውነት የያዘችውን አላላች። ነገር ግን ሊቃውንቱ አንድ ነገር ረስተው ነበር። ምድር ስትለቅ አስቀድሞ የሚነሣው ከሁሉ ቀላሉ ነው፤ ከሁሉ ቀላሉም አቧራ ነው። ከሶፋዎቹ ጉያ፣ ከጥጡ ከረጢት፣ መጥረጊያ ካልደረሰበት ጥግ ሁሉ፣ አቧራው ያለ ነፋስ ብድግ አለ፤ በቀዩም መብራት ሥር ተንሳፈፈ፤ ሻሹን አልፎ በአባ ነጎድጓድ የቀኝ ቀዳዳ ገብቶ ሠፈረ። ዘበኛ አላገኘም። ወደ ግራውም ቀዳዳ መልእክተኛ ላከ፤ ከዚያም ሁለቱ ጦሮች ተገናኝተው ወደ ግንባር ገሠገሡ። አባ ነጎድጓድ ዓይናቸው እንባ አቀረረ፤ ጆሮአቸው ተንቀሳቀሰ፤ የኮታቸው ቁልፍ ተወጠረ። የሚመጣውን ያውቁታል፤ ዕድሜ ልካቸውን ያውቁታል፤ እንዲህ ያለ ትልቅ ግን መጥቶባቸው አያውቅም።

ባዶ በነበረው እጃቸው፣ በግራቸው፣ አፍንጫቸውን ያዙ። ጠላትም ወዲያው ወደ አፍ ዞረ። ሁለተኛ እጅ ያስፈልጋል፤ ሁለተኛው እጃቸው ግን ልጃቸውን ይዞ ነበር። እሳቸውም መርፌዋን አዩ፤ ገና ወደ ላይ በመውጣት ላይ ናት። ልጃቸውንም አዩ፤ እንደዚያ በመስኮት ታንጋጥጥ እንደ ነበረችው ሕፃን አፏን ከፍታ፣ ዓለሙን ሁሉ ረስታ ወረቀቱን ታያለች። ደግሞ አጥብቀው ያዙዋት፤ አንዲት ትንፋሽ ያህል ያዙዋት። ከዚያም ምድር ሁሉን በለቀቀችበት፣ ሰው ሁሉ በያዘበት በዚያ ሰዓት፣ አባ ነጎድጓድ የልጃቸውን እጅ ለቀቁ። አፋቸውንም ግጥም አድርገው ያዙ።

ንጥሻውም ወደ ውስጥ ፈነዳ። ፊታቸው እንደ በሰለ ቲማቲም ቀላ፤ ትከሻቸው አንድ ጊዜ ከፍ ብሎ ወደቀ፤ ከአፋቸውና ከአፍንጫቸው ግን ትንፋሽ ስንኳ አልወጣም። መርፌዋ ምንም አላወቀች።

እዚህ ላይ የአዋጁ ቀዳዳ ተገለጠች። ልጅቱ ማሳልን ከልክላለች፣ ውይ ማለትን ከልክላለች፤ መመረቅን ግን መከልከል ማን ያስባል? አማታቸው የአማቻቸውን ፊት ሲያዩ፣ ሳያስቡት፣ ዕድሜ ልካቸውን እንደ ለመዱት፣ «ይማርህ» አሉ። «የመርፌዋ ነገር አከተመ!» ልንል ነበር፤ ነገር ግን ጥርሳቸው በጡጫቸው ውስጥ ስለ ነበረ፣ ቃሉ ከአፋቸው የወጣው እንደ ጥጥ ለስልሶ፣ እንደ ትንፋሽ ቀሎ ነው፤ መርፌዋ ብዙም ሳትበረግግ አለፈችው። ጠጉር አስተካካዩም ተከትሎ ሊመርቅ አፉን ሲከፍት፣ እመቤቲቱ ኮሌታውን ሳይለቁ በሌላ እጃቸው ስፖንጅ ቦጭቀው ወተፉበት።

ለአባ ነጎድጓድ ግን ሁለተኛው ፈተና ከፊተኛው ባሰ። አማት «ይማርህ» ብለው «ያኑርዎ» አለማለት! በትዳራቸው ዘመን ሁሉ አንድ ቀን አጉድለውት የማያውቁትን! ቃሉ በጉሮሯቸው መጥቶ ከታፈነው ንጥሻ ጎን ቆመ፤ ሁለቱም «ልውጣ፣ ልውጣ» አሉ። እሳቸውም አንገታቸውን ደፍተው እጅ ነሡ እንጂ አፋቸውን አልከፈቱም። አማታቸውም ፊታቸውን አዞሩ፤ ይህ ነገር ለሌላ ቀን እንደሚቀመጥ ከጀርባቸው ታወቀ።

መብራቱም ጠፋ። ሰልፉ ተፈታ፤ ምድር መልሳ ያዘች፤ አቧራውም ወደየሶፋው ገባ። ልጅቱ ወረቀቱን ወደ ብርሃን ይዛ ተመለከተች፤ መስመሩ እንደ ተኛ ሰው ደረት በቀስታ ከፍ ብሎ በቀስታ ዝቅ ብሎ ነበር። በአናቱ ላይ አንዲት የሰሊጥ ፍሬ የምታህል ነጥብ አለች። ስለዚህች ነጥብ ሊቃውንት እስከ ዛሬ ይከራከራሉ፤ እኛ ግን የአማትየዋ ምርቃት መሆኗን እናውቃለን።

ልጅቱም ሶፋ ላይ ወጥታ ቆማ አወጀች፦ «ጠራ! መስመሩ ጠራ! ስልክ ይከፈት፤ ፌስታል ይንኮሻኮሽ፤ እሰይ ይባል! ለአባዬ ደግሞ ልዩ አዋጅ፦ ከዚህች ሰዓት ጀምሮ በዚህ ቤት፣ በደረጃው፣ በጣሪያው፣ በመንገዱም ላይ እንደ ልብህ አስነጥስ፤ ከልካይ የለብህም!»

ሕዝቡም ተዘጋጀ። ቆብ ያለው ቆቡን ያዘ፤ ጡረተኛው መምህር መነጽሩን አውልቆ ኪሱ ከተተ፤ ሁሉም ምርቃቱን በምላሱ ጫፍ አዘጋጅቶ ጠበቀ። አባ ነጎድጓድ ሁለት እጃቸውን ከፊታቸው አወረዱ። ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ አፋቸውን ከፈቱ፤ ደረታቸው ተነሣ። ንጥሻውም አልመጣም። እንደ ገና ቢጠብቁ አልመጣም። ዓይናቸውንም በገለጡ ጊዜ ዙሪያቸውን ሁሉ አዩ፤ እያንዳንዱ የያዘውን ይዞ፣ «ጸናልኝ» ብሎ እየፈነደቀ ነበር። የእሳቸው እጆች ባዶ ነበሩ። ያን ጊዜ ያ አገር ያነቃንቅ የነበረ ደረት ተንሰቀሰቀ፤ አባ ነጎድጓድ በሰው ሁሉ ፊት፣ በሰው ሶፋ ላይ ተቀምጠው፣ ድምፅ ሳያሰሙ አለቀሱ።

እንዲህ ያለ ትልቅ ሰው ሲያለቅስ ምን እንደሚባል የሚያውቅ አልነበረም። ሁሉም በአፉ ተዘጋጅቶ የነበረውን ብቻ አገኘና፣ ባንድ ድምፅ «ይማርዎ!» አለ። እሳቸውም አፍንጫቸውን በሻሹ ጠርገው፣ አስቀድመው ወደ አማታቸው ዞረው «ያኑርዎ» አሉ፤ ከዚያም ለሁሉ «ያኑራችሁ» አሉ። አማታቸውም ጥርሳቸውን መልሰው አጥልቀው፣ ቂማቸውን ተዉት።

ልጅቱ ግን አልመረቀችም። ግራ እጇን ትመለከት ነበር። መቼ እንደ ተለቀቀች፣ ለምን እንደ ተለቀቀችም፣ ያን ጊዜ ገባት። ዓለም የሚጠብቀውን ወረቀት ሶፋ ላይ ትታ መጥታ የአባቷን እጅ ያዘች። ሰዓቱ አልፎ ነበር፤ ከዋክብቱ ተበታትነው በየመንገዳቸው ሄደዋል፤ አሁን መያዝ በአስማት በኩል የማይጸና፣ በሳይንስም በኩል የማይለካ ነበር። ይህን ከእርስዋ የበለጠ የሚያውቅ በዚያ ቤት የለም። ሆኖም ይዛቸው ከምድር ቤት ወጣች፤ ሕዝቡ ሁሉ ከኋላ እየተከተለ፣ በየእርከኑ ሳትለቃቸው፣ እስከ አራተኛ ፎቅ ድረስ ይዛቸው ወጣች። ጥሪውም ከሩቁ ተራራ መጣ፤ ሄደችም።

ስለዚህ ለኀያሉ፣ ለመዋዒው፣ ለአፍንጫቸው ጌታ ለአባ ነጎድጓድ ምስጋና ይሁን። ጀግኖች ሁሉ ከተማ ያዙ፣ ምርኮ ያዙ ተብሎ ተጽፎላቸዋል፤ እሳቸው ግን ዓለም ሁሉ በያዘበት ቀን አንድ ነገር ለቀቁ፤ ከለቀቁትም የሚበልጥ ሀብት አልነበራቸውም። መዶሻቸው ሚስማር አይሳት፤ የወጠሩት ሶፋ አይርገብ፤ ኮሌታቸውን የያዙት እመቤት አይልቀቋቸው። ልጃቸውም ከተራራዋ በደወለች ቁጥር፣ ሚስትም አማትም ሳይቀድሟቸው፣ ስልኩን የሚያነሡት እሳቸው ይሁኑ።